የላድ ሆቸቫር የእረፍት ቀን

ቤዝቦል ባለበት አገር ሁሉ፣ በየመንገዱ አንድ እንዲህ ያለ ሰው አይጠፋም። ሠርግህን፣ ቀዶ ጥገናህን፣ የጣራህን እድሳት፣ ቢቻለው ሞትህንም ጭምር በክለቡ የጨዋታ መርሃ ግብር አመቻችቶ ይሰጥሃል። ያውም ሳትጠይቀው። «ቅዳሜ ልጄን ላስጠምቅ ነው» ብለህ በደስታ ስትነግረው፣ እንኳን ደስ ያለህ ከማለቱ በፊት ዓይኑን ወደ ሰማይ ይሰቅልና «በሜዳችን ነን ከሜዳ ውጪ?» ይላል። የሚጠይቀው ራሱን ነው፤ የሚመልሰውም ራሱ ነው። «በሜዳችን። ከቀትር በኋላ። ከካንሳስ ሲቲ ጋር። ሕፃኑ አንድ ሳምንት ቢታገስስ?»

በእኛ በክሊቭላንድ ስሎቬኖች ሠፈር ይህን ከባድ ኃላፊነት የተሸከሙት ክቡር አቶ ላድ ሆቸቫር ናቸው፤ ጡረታ የወጡ የአውቶቡስ ሹፌር፣ የደብራችን መዘምራን ወፍራሙ ድምፅ፣ የጊዜያትና የወቅቶች ጠባቂ። አንቱታው እዚህ ላይ ይብቃኝ። ከሰውየው ጋር ከሃያ ዓመት በላይ አጥር ተጋርቻለሁ፤ በቁምጣ ቆሞ ቲማቲም ሲያጠጣና ለቲማቲሙ ውጤት ሲነግረው የሰማሁትን ሰው አንቱ ማለት ይተናነቀኛል።

ከየት አወቅህ እንዳትሉኝ። እናቴ የሴቶች ፀጉር ቤት ነበራት። ፊደል ከመቁጠሬ በፊት በካስኩ ሥር ቁጭ ብዬ የሰው ጉድ ቆጥሬ ጨርሻለሁ። ከምነግራችሁ ውስጥ ያላየሁትን ሰምቼዋለሁ፤ ያልሰማሁትን ደግሞ ላድ ራሱ በአጥሩ ላይ ተደግፎ ነግሮኛል።

ዓይኑ ሞራ ለብሶ ሐኪም ቤት የሄደ ጊዜ፣ ወጣቷ ሐኪም በትህትና «የትኛው ሳምንት ይመችዎታል?» አለችው። ምን ታድርግ፣ አላወቀችም። ላድ እግሩን አነባብሮ ወቅቱን ከመጀመሪያው አስረዳት። በመጨረሻ ዓይኑን እሺ አለ፣ በውድድሩ መሃል ይቀደድ፤ ለሬዲዮ ዓይን ምን ያደርጋል? የጆሮ ሐኪሙን ግን እስከ ኖቬምበር አስጠበቀው።

ትምህርቱን የሚሰጠው በዊልማ መጠጥ ቤት ነው። ዊልማ ለደንበኛ ሁሉ የምታቀርበውን ኦቾሎኒ ከነቅርፊቱ ባንኮኒው ላይ ይደረድረዋል። አንድ ምስኪን እንግዳ ሰው፣ ቢራ ብቻ ፈልጎ የገባ፣ አጠገቡ ከተቀመጠ አለቀለት።

«እይ ወንድሜ። አንድ መቶ ስልሳ ሁለት ጨዋታ ነው። ግማሹ በሜዳችን፣ ግማሹ ከሜዳ ውጪ። ቡድን ለአንድ ጨዋታ ብሎ አገር አቋርጦ አይሄድም። ከሄደ ሦስት ቀን ይቀመጣል፤ አንዳንዴ አራት። ልክ እንደ እህቴ።» ሦስት ኦቾሎኒ ወደ ግራ። «ይኸው ሚኒሶታ። ይኸው ሦስት ደግሞ ሲያትል። ይኸው አራት፣ ቴክሳስ። ዞሮ ዞሮ ይመለሳል። እንደ አውቶቡስ መስመር ነው፣ ጌታው፤ ወጥቶ፣ ዞሮ፣ ማደሪያው ይገባል። የመጨረሻው ቀን ጨዋታ በጠራራ ፀሐይ የሚሆነው ለምን ይመስልሃል? ማታ አውሮፕላን ስላለባቸው ነው። እዚህ ጋ ደግሞ ባዶ ቦታ። ይቺ ባዶ ቦታ የእረፍት ቀን ናት። ብዙውን ጊዜ ሰኞ፣ ወይ ሐሙስ።»

በዚህ መሃል የዊልማ እጅ በስንፍና ይመጣና አንዷን ቅርፊት ሰበር አድርጋ ትቆረጥማታለች።

«ዊልማ! ቴክሳስን በላሽው እኮ!»

«ጨው ይበዛበታል» ትላለች ዊልማ።

ላድ ሌላ ኦቾሎኒ ይተካና ይቀጥላል። «በምድባችን ካሉት አራት ክለቦች ጋር ስንገናኝ እንከርማለን። ከዲትሮይት ጋር እስክንጠላላ። የሩቆቹን ግን በዓመት አንዴ ነው፤ ወይ እንሄዳለን ወይ ይመጣሉ። እንደ ዘመድ በለው። የቅርቡን እስኪሰለችህ ታየዋለህ፣ የሩቁን...» እዚህ ላይ ሁልጊዜ ይቆምና ቢራውን ያነሳል። አንዲት ልጅ አለችው፣ ማርሌን የምትባል፣ በሌላው የአገሪቱ ጫፍ፣ ፖርትላንድ ውስጥ የምትኖር። ባንኮኒው ላይ ያለን ሁሉ እናውቃለን። ስለዚህ ማናችንም ዓረፍተ ነገሩን አንጨርስለትም።

ሚስቱ ዶሊ ነበረች ድሮ መርሃ ግብሩን የምታረግብለት። ዶሊ ጨዋታ በሌለበት ወር፣ በፌብሩዋሪ ሞተች። ላድ በቀብሯ ማግስት፣ በረዶ ከደጃፉ እየዛቀ፣ «ሁልጊዜም ለሰው አሳቢ ነበረች» አለኝ። ልስቅ ብዬ ቀና ስል አካፋውን ተደግፎ እያለቀሰ ነበር። ያን ቀን በረዶውን እኔ ዛቅሁለት።

ከዚያ ወዲህ ነው ነገሩ የባሰበት። ከኤፕሪል እስከ ሴፕቴምበር በየማታው ከወጥ ቤቱ መስኮት የሬዲዮው ሰውዬ ድምፅ ይወጣል፤ ላድ መልስ ይሰጠዋል። «እሱን እንዴት ታስገባዋለህ? ኧረ በእግዜር!» ይለዋል። ሰውዬው አይቀየምም፤ ማታውኑ፣ ነገም፣ ከነገ ወዲያም ይመጣል። እንዲህ ያለ እንግዳ ማን አለው? የእረፍት ቀን ሲሆን ግን ላድን አያድርገኝ። ጠዋት የታጨደውን ሣር ከሰዓት በኋላ ደግሞ ያጭደዋል። ከሁሉም የሚከፋው የጁላዩ እረፍት ነው፤ የኮከቦቹ ጨዋታ የሚደረግበት፣ ክለቦች ሁሉ የሚያርፉበት፣ በአጋማሹ ላይ የተሰነቀረ ረጅም ባዶ። ያኔ መኪናውን ያጥባል። አጥቦ ሲጨርስ የእኔን ያጥባል። አንድ ጊዜ የፖስተኛውን ሊያጥብ ሲደራደር ደርሻለሁ።

ባለፈው የበረዶ ወራት ማርሌን ደወለች። ይህ ራሱ ወሬ ነው፤ ከሠርጓ ወዲህ በበዓል ካልሆነ አትደውልለትም ነበር። የሠርጉን ነገር ልንገራችሁ። ላድ ልጁን ክንዷን ይዞ በቤተ ክርስቲያኑ መሃል ሲያልፍ አንገቱን ወደ አንድ ጎን ዘንበል አድርጎ ነበር። እኛ ልቡ ተነክቶ ነው ብለን፣ እኔን ጨምሮ፣ መሐረብ አወጣን። ለካ ጆሮው ውስጥ የሬዲዮ ሽቦ አለ፤ ጨዋታው መጨረሻው፣ ዘጠነኛው ዙር ላይ ነበር። ሽቦው በሠርጉ ፎቶ ላይ ወለል ብሎ ይታያል።

«አባዬ» አለችው በስልክ፣ «በሴፕቴምበር ጆሲን ይዤ ቦስተን አማቴ ጋ ሁለት ሳምንት ልሄድ ነው። ስሄድ ክሊቭላንድ አንድ ቀን ላድር እችላለሁ። አንድ ቀን ስጠኝ። ሬዲዮ የሌለበት። የትኛው እንደሆነ አንተ ንገረኝ፣ ትኬቱን በሱ እቆርጣለሁ።»

ጆሲ የአራት ዓመት የልጅ ልጁ ናት። ከስልክ መስታወት ላይ እንጂ በአካል አይቷት አያውቅም።

ላድ ያን ጊዜ የመረጣትን ቀን በአጥሩ ላይ ሲነግረኝ፣ ድምፁን ዝቅ አድርጎ ነበር፤ የሆነ ሰው ሰምቶ እንዳይወስድበት። «ሐሙስ ናት፣ ኤሚል። የእረፍት ቀን። ከፊቷ በሜዳችን ነን፣ ከኋላዋ በሜዳችን ነን። ጉዞ የለ፣ ጨዋታ የለ። ንጹሕ።»

እኔም ያለ ፍላጎቴ የተማርኩ ሰው ነኝ። «ላድ» አልኩት፣ «አንተ አይደለህም እንዴ ‹የእረፍት ቀን ያንተ አይደለም፣ የዝናብ ነው› የምትለው?»

ይህ ሌላው አባባሉ ነው። ዝናብ ያቋረጠው ጨዋታ ሜዳ ላይ አይቀርም፤ ሁለቱ ክለቦች አብረው የሚያርፉበት ቀን ተፈልጎ ተስተካካይ ሆኖ ይገባል። ስንቱን ሰው በዚህ አባባል ሽርሽሩን አሰርዞታል! ዊልማን ራሷን ጣራዋን በእረፍት ቀን እንዳታሳድስ ከልክሏት ጣራው እስከ ዛሬ ያፈሳል።

«ዲትሮይትስ?» አልኩት። «ዲትሮይትም ያን ሐሙስ ያርፋል።»

«ዲትሮይት ለመጨረሻ ጊዜ እዚህ የሚመጣው በሜይ ነው። በሜይ አይዘንብም» አለ፣ ዝናቡን ከሚልክብን ሐይቅ ጋር ተነጋግሮ የጨረሰ ይመስል።

በሜይ ዲትሮይት መጣ። ዓርብ ጠራራ ፀሐይ። ቅዳሜ ጠራራ ፀሐይ። ዓርብ ወይ ቅዳሜ ቢዘንብ እኮ ግድ የለም፤ በማግስቱ ሁለቱን ጨዋታ አከታትለው ይገላገሉታል። እሁድ ከሐይቁ ላይ አንድ ጥቁር ነገር ተነሳ። ላድ በረንዳው ላይ ወጥቶ በእጁ እንደ ዶሮ «እሽ! እሽ!» ሲለው በዓይኔ አየሁ። አልሄደም። ሜዳውን ሸራ አለበሱት፣ ሰው ለሰዓታት ዣንጥላ ሥር ጠበቀ፣ በመጨረሻ ተሰረዘ። ዲትሮይቶች አውሮፕላናቸውን ይዘው ሄዱ። ተስተካካዩ መቼ እንደሆነ በሬዲዮ ከመነገሩ በፊት እኔም አውቄዋለሁ፣ ላድም አውቆታል። ሐሙስ፣ በሴፕቴምበር። ከቀትር በኋላ።

በማግስቱ ዊልማ ጋ የነበረውን አልደግመውም። እሺ፣ ልድገመው።

«ላድ» አለች ዊልማ ብርጭቆ እያደረቀች፣ «የእረፍት ቀን የማን ነበር ያልከኝ? ጣራዬ ሊያውቅ ፈልጎ ነው።»

ባለ ሥጋ ቤቱ ቶኔ ከጥግ ተቀበላት። «ምን ችግር አለው? ማርሌንን ወደ ዲሴምበር ያስተላልፋታል። በሜዳው! ከሰዓት በኋላ!»

ቤቱ በሳቅ ተናጋ። እኔም ሳቅሁ፤ ቀልዱ ጥሩ ነበር። ላድ ግን ቢራውን ሳይጨርስ ኮፍያውን አነሳና ወጣ። ከዚያ ወዲያ ሠፈሩ በሁለት ተከፈለ። ግማሹ «ሬዲዮውን ሽንት ቤት ደብቆ ይሰማል» አለ። ግማሹ «አይ፣ እሷን ራሷን ስታዲየም ይወስዳታል» አለ። ዲትሮይትና እኛ በነጥብ ተናንቀን ነበርና፣ ወሩ በገፋ ቁጥር የዚያች ሐሙስ ጨዋታ ከሩቅ እየገዘፈች መጣች። ለዓመታት ያልቀመስነውን ጥሎ ማለፍ ልንገባ ነው ተባለ። የቶኔ ሚስት እንኳ፣ ኳስና ሐብሐብ የማትለይ ሴትዮ፣ የነጥብ ሰንጠረዡን ታውቀው ጀመር።

ላድ ለማርሌን ደውሎ የሆነውን ነገራት። «እንደፈለግክ፣ አባዬ» አለችው። ይህ ቃል በእናቴ ፀጉር ቤት ቋንቋ «አውቄው ነበር» ማለት ነው።

«የፈለግሁት አንቺን ነው» አላት። «ቀኑ ያንቺ ነው።»

ሐሙስ ደረሰ። ሰማዩ የተወለወለ ሳህን ይመስላል፤ ደመና የሚባል ነገር የለም። ላድ ከጠዋት ጀምሮ ዶሊ ትጋግረው የነበረውን ፖቲትሳ ለመጋገር ታገለ፤ ያንን በዋልነት የሚጠቀለል ጣፋጭ ዳቦ። አንድ ጎኑ ከሰለ፤ የከሰለውን በኩል ወደ ግድግዳው አዙሮ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠው። ሬዲዮውን ነቅሎ፣ ገመዱን ጠቅልሎ፣ እኔ ቤት አመጣው። «አደራ» አለኝ። ቤቱ ድረስ ሸኘሁት፤ ዝም ብዬ ልመለስ ነበር፣ ስልኩ ጮኸ።

ማርሌን ናት። ከቺካጎ። ድምፅዋ ከሰው ጫጫታ መሃል ነው የሚመጣው። «አባዬ፣ እዚህ ቀረን። ዝናቡ እንደ ጉድ ነው፣ መብረቅ አለ፣ አንድም አውሮፕላን አይነሳም። ማታ ሊለቁን ይችላሉ ይላሉ፤ ግን ያለው ቦታ በቀጥታ ወደ ቦስተን ነው። ጆሲ ደክሟታል... አባዬ? ትሰማኛለህ?»

ላድ በመስኮቱ ያንን ሰማያዊ ሰማይ አየ። «እሰማሻለሁ፣ የኔ ልጅ። ልጅቷ ትብላ። እርጥብ ከሆነች ካልሲዋን ቀይሪላት።»

ስልኩን ዘጋ። ከዚያ ሁለታችንም ወጥ ቤት ውስጥ ቆምን። ከጎረቤት ቤቶች፣ ከመኪኖች፣ ከቶኔ ሥጋ ቤት፣ ከየአቅጣጫው ሬዲዮ ይከፈታል፤ ጨዋታው ሊጀመር ነው።

«ልሂድና ላምጣልህ?» አልኩት።

«ምኑን?»

«ሬዲዮህን ነዋ።»

«ተው። ቀኑ የሷ ነው።»

«እሷ እኮ የለችም፣ ላድ።»

«እኔ አለሁ» አለ።

ዞሮ መስኮቶቹን አንድ በአንድ ዘጋ። በዚያ ሙቀት! ከዚያ ተቀመጠ። እኔም ምን ላድርግ፣ ተቀመጥሁ። ለአራት ዓመት ልጅ የተዘጋጀው ትንሹ ወንበር በመካከላችን ነበር፤ ከጎረቤት ተውሶ፣ ትራስ ደርቦበት። ከፖቲትሳው አልቆረሰም፤ እኔም ቁረስልኝ አላልሁም። አልፎ አልፎ ጩኸት በመስታወቱ አልፎ ይገባል፤ የደስታ ይሁን የንዴት አይለይም። ላድ በጩኸቱ ቁጥር ጠረጴዛው ላይ ያለውን እጁን ያይ ነበር። በሕይወቴ እንደዚያ ከሰዓት በኋላ የረዘመብኝ የለም፤ እኔ ያለ ወሬ፣ እሱ ያለ ጨዋታ።

አንድ ጊዜ ብቻ ተናገረ። «አልቀረችም፣ ኤሚል። ተላለፈች እንጂ።»

ያን ቀን ዲትሮይትን አሸነፍን። ዊልማ ለደንበኛ ሁሉ በነፃ ቀዳች ይባላል። እኔ አልነበርኩም።

ቅዳሜ ማርሌን ከቦስተን ደወለች። ላድ ወዲያው ወደ አጥሩ መጣ፤ ፊቱን ሳየው የሞተ ሰው አለ ብዬ ነበር። «ስትመለስ ልትቆም ነው» አለኝ። «አንድ ቀን ሙሉ። ትኬቱን ቀይራዋለች።»

«ታዲያ ምን ያስፈራሃል?»

«ረቡዕ ነው።»

«የትኛው ረቡዕ?»

«ከመጨረሻው እሁድ በኋላ ያለው።»

ገባኝ። ያለ ፍላጎቴ የተማርኩ ሰው ነኝ ብያለሁ። ውድድሩ እሁድ ያልቃል። ጥሎ ማለፉ ማክሰኞ ይጀመራል፤ ከሦስት ጨዋታ ሁለት ያሸነፈ ያልፋል። ረቡዕ ሁለተኛው ጨዋታ ነው። ካለፍን።

«ካለፍንስ?» አልኩት።

ላድ የቲማቲሙን ቅጠል ሲያሻሽ ቆየ። የሐሙስን ጨዋታ ለልጁ መስጠት አንድ ነገር ነው። ይህ ግን ኦክቶበር ነው። አባቱ ይህን ሳያይ ሞቷል፤ ዶሊ በሆስፒታል አልጋ ላይ ሆና «አንድ ቀን ያልፋሉ፣ ያኔ ለእኔም ስማልኝ» ብላዋለች። ይህን የነገረኝ ማን እንደሆነ አልናገርም።

«ሬዲዮ የሌለበት ቀን ብዬ ቃል ሰጥቻለሁ» አለ በመጨረሻ። «ቃል አይታጠፍም።» ግን ቅጠሉ በጣቶቹ መካከል ዱቄት ሆኖ ነበር።

የመጨረሻው እሁድ ደረሰ። በዚያ ቀን ክለቦች ሁሉ፣ ከዳር እስከ ዳር፣ በአንድ ሰዓት ነው የሚጀምሩት፤ ማንም የማንን ውጤት አይቶ እንዳይተኛ። እኛ ከሜዳችን ውጪ ነበርን። ብናሸንፍ አለፍን፤ ብንሸነፍ ወደየቤታችን። ሠፈሩ ባንዲራ ለብሷል። ላድና እኔ በረንዳው ላይ፣ ሬዲዮው በመካከላችን።

አሁን አንድ ነገር እነግራችኋለሁ፤ ለቶኔ ግን እንዳትነግሩት፣ ቋሊማ አይሸጥልኝም። ከተወለድሁ ጀምሮ የዚህ ክለብ ሰው ነኝ፤ ክርስትና ተነስቼ ወደ ቤት የተወሰድኩት በክለቡ ኮፍያ ነው። በዚያ ከሰዓት በኋላ ግን፣ በየዙሩ፣ ከልቤ፣ በስሎቬንኛም በእንግሊዝኛም፣ እንድንሸነፍ ጸለይሁ።

ዘጠነኛው ዙር። በአንድ ነጥብ ተበልጠናል፤ ሁለት ሰው ወጥቶብናል፣ ሦስተኛው ከወጣ አለቀ፤ ሁለት ሰው ደግሞ ቤዝ ላይ አለን። የሬዲዮው ሰውዬ ድምፁ ቀጥኗል። ኳሷ ተመታች፣ ከፍ አለች፣ ራቀች። ላድ የወንበሩን ክንድ ጨመቀ። ዓይኑን ጨፍኖ ነበር። ራቀች... ራቀችና መሬት ሳትነካ ከአጥሩ ሥር የእነሱ የግራ ተጫዋች እጅ ገባች። አለቀ።

መንገዱ ሙሉ ጸጥ አለ። ከዊልማ ቤት የሆነ ብርጭቆ ሲሰበር ተሰማ። ላድ እጁን ዘርግቶ ሬዲዮውን አጠፋው። እሱ እኔን አላየኝም፤ እኔም እሱን አላየሁትም፤ ሁለታችንም መንገዱን አየን።

ቶኔ ዓይኑ ቀልቶ በደጃችን አለፈ። «አየህ ላድ? አየህ ያደረጉንን? ተሰበርን እኮ!»

«ተሰበርን፣ ቶኔ» አለ ላድ በዚያ በመዘምራኑ ወፍራም ድምፅ። «ምን ይደረግ። ተሰበርን።»

ቶኔ ጥጉን እስኪዞር ጠበቀ። ከዚያ ወደ ጆሮዬ ዘንበል አለ።

«ኤሚል፣ የአራት ዓመት ልጅ ቁርስ ምን ትበላለች?»

«ፓንኬክ መሰለኝ።»

«በምን?»

«እኔ ምን አውቃለሁ? በእንጆሪ።»

«ተነስ እንግዲያ፤ ሱቁ እሁድ ቶሎ ይዘጋል» አለና ኮፍያውን አነሳ። እንጆሪ ልንገዛ በዚያ ሐዘን በተቀመጠ መንገድ ላይ ጎን ለጎን ሄድን፤ ለሠፈሩ ሰው ስንል ሁለታችንም አንገታችንን ደፍተን።